ራፖር ጸሐፊ በፍርድ ቤት ደጃፍ፦ ምሳሌው ብዙ፣ ነገሩ ጥቂት

«ነገር በምሳሌ፣ ጠጅ በብርሌ» ብሎ የተረተው ሰው የዳኝነት ገንዘብ ከፍሎ የሚያውቅ አይመስልም። በልደታ፣ በአራዳና በሌሎችም ፍርድ ቤቶች ደጃፍ ክስና ማመልከቻ የሚጽፉ ራፖር ጸሐፊዎች ግን ተረቱን እንደ ሙያ መመሪያ ይዘውታል። የሚሸጡት ወረቀት ላይ የሰፈረ ሙግት ነው፤ ማጣፈጫው ተረትና ምሳሌ። እዚህም የሚመዘኑት በዚሁ በራሳቸው ማጣፈጫ ነው። በደጃፉ ከሚነገሩት ተረቶች አንዳንዶቹ ከሥነ ሥርዓት ሕጉ ጋር ልክክ ብለው ይገጥማሉ፤ አንዳንዶቹ ደግሞ ባለጉዳዩን ከነመዝገቡ ይዘውት ይወድቃሉ።

ድሮ በጃንጥላ ሥር የጽሕፈት መኪና ይዞ ይቀመጥ የነበረው ጸሐፊ አሁን በብዛት ወደ ጠባብ ክፍል ገብቷል፤ አንድ ኮምፒውተር፣ አንድ ማተሚያ፣ አንድ ፎቶ ኮፒ ማሽን፣ ለባለጉዳይ አንድ ኩርሲ። ሒሳቡ አብዛኛውን ጊዜ በገጽ ነው፤ ኮፒ ለብቻው ይታሰባል። ዋጋ ሳይቆርጡ ታሪክ መጀመር አያዋጣም፤ ታሪኩ በረዘመ ቁጥር ሒሳቡም ይረዝማል። የሥራው ጉድለት አብዛኛው ከዚሁ ይመነጫል። ክፍያው በገጽ ስለሆነ እንባውም የሚፈሰው በገጽ ነው።

ለአጫጭር ማመልከቻ አገልግሎቱ ጥሩ ነው፣ ፈጣንም ነው። የመዝገብ ግልባጭ መጠየቂያ፣ የቀጠሮ መለወጫ፣ የአድራሻ ለውጥ ማሳወቂያ እጃቸው ለምዶታል፤ የመዝገብ ቁጥሩን፣ ችሎቱንና የቀጠሮውን ቀን ይዞ የሄደ ሰው ቡና ጠጥቶ ሳይጨርስ ወረቀቱ ታትሞ ይጠብቀዋል። ለዚህ ጠበቃ መያዝ ገንዘብ ማባከን ነው። ችግሩ የሚመጣው ክስ ወይም መከላከያ መልስ ሲጻፍ ነው።

የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 222 በክስ ማመልከቻ ውስጥ ምን መግባት እንዳለበት ዘርዝሮ ጨርሶታል። የፍርድ ቤቱ ስምና ቦታ፤ የከሳሽና የተከሳሽ ስምና መጥሪያ የሚደርስበት አድራሻ፤ ክሱን ያስነሳው ነገር መቼና የት እንደሆነ፤ ፍርድ ቤቱ ሥልጣን ያለው ለምን እንደሆነ፤ ተከሳሹ ተጠያቂ የሚሆንበት ምክንያት፤ የክርክሩ ግምት በገንዘብ፤ በመጨረሻም የሚጠየቀው ዳኝነት። በዝርዝሩ ውስጥ እንባ የለም። ዓይነተኛው የደጃፍ ክስ ግን እንዲህ ይጀምራል፦ «ተከሳሽ ፈጣሪውን የማይፈራ፣ ሰውን የማያፍር፣ የሙት ልጆች አፍ ላይ ያለ ጉርሻ የሚቀማ ጨካኝ ስለሆነ…»። ይኼ አንድ ገጽ ተኩል ይሄድና ብድሩ የተሰጠበት ቀን «ባለፈው ዓመት ገደማ» በምትል ሐረግ ታልፋለች። «አይ፣ ይሄ ይቅር» ላለች ባለጉዳይ የጸሐፊው መልስ ዝግጁ ነው፦ «እናቴ፣ ይሄን ካልጻፍንማ ዳኛው በምን ይራሩ?»

ዳኛው የሚፈልጉት ቀን፣ ቦታና መጠን ነው። የክስ ምክንያት የማያሳይ ክስ በቁጥር 231 መሠረት ሳይከፈት ይመለሳል፤ ዳኛው ቢራሩም ባይራሩም።

ይህ የአንደበት ፍቅር የመጣው ከሜዳ አይደለም። በበልሃ ልበልሃ ዘመን ሙግት የሚታየው በአደባባይ ነበር፤ ተሟጋቹ ቆሞ፣ ዱላውን ተመርኩዞ፣ «ተጠየቅ!» እያለ ባላጋራውን በነገር ያፋጥጣል። በበቅሎ፣ በፈረስ፣ በማር ይወራረዳል። የቃል ምት የሰመረለት፣ ነገሩን በቅኔ የጠቀለለ ሰው ተመልካቹን ከጎኑ ያሰልፋል። በ1900 ምኒልክ ሚኒስትሮች ሲሾሙ የፍርድ ሚኒስትርነቱ ለአፈ ንጉሥ ነሲቡ መስቀሎ ተሰጠ፤ የዳኝነቱ ትልቅ ማዕረግ ያኔም «አፈ» ብሎ የሚጀምር ነበር። ከዚያ የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ መጣ፣ ቀጥሎም የ1958ቱ ሥነ ሥርዓት። ሙግቱ ከአደባባይ ወደ ወረቀት ገባ። ደጃፍ ያለው ጸሐፊ ግን ወረቀቱን እንደ አደባባይ ይጠቀምበታል፤ ዱላ የለውም እንጂ ድምፁ ያው ነው። ለጆሮ ያምራል፣ ለመዝገብ አይሆንም።

ከተረቶቹ ሁሉ ለክስ የሚበጀው «ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም» የሚለው ነው። የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 2472 ከ500 ብር በላይ የሆነ ብድር በጽሑፍ ካልሆነ፣ ወይም በፍርድ ቤት በተደረገ እምነት ወይም መሐላ ካልሆነ አይረጋገጥም ይላል። 500 ብር ሕጉ ሲወጣ ትልቅ ገንዘብ ነበር፤ አሁን ግን ለጎረቤት የተሰጠ የገበያ ብድር ሳይቀር ከዚህ በላይ ነው። ስለዚህ ጥሩ ራፖር ጸሐፊ ለብድር ክስ የመጣን ሰው ገና ሳይቀመጥ «ጋሼ፣ ወረቀት አለዎት?» ብሎ ይጠይቃል። መጥፎው «ስንት ምስክር አለዎት?» ይላል፤ አሥር ሰው ሲቆጠርለት ደስ ይለዋል፣ አንድ ተጨማሪ ገጽ ነውና። አሥሩም ተከሳሹ «አልተበደርኩም» ካለ በኋላ ችሎት ፊት ሳይቆሙ ሊመለሱ ይችላሉ። ወረቀት ከሌለ ቀሪው መንገድ ተከሳሹ በፍርድ ቤት እንዲያምን ወይም እንዲምል ማድረግ ነው፤ ይህ በክሱ ላይ በግልጽ ካልተጠየቀ ማንም አያስታውሰውም። ወረቀቱም ቢኖር መታየት አለበት። ውል በጽሑፍ መሆን አለበት በተባለበት ቦታ ቁጥር 1727 የተዋዋዮችን ፊርማና የሁለት ምስክሮችን እማኝነት ይፈልጋል፤ የቤት ሽያጭ ከሆነ ደግሞ ቁጥር 1723 አለ። ይህን ሳያይ «ውሉ ከክሱ ጋር ተያይዟል» ብሎ የሚጽፍ ጸሐፊ የባለጉዳዩን ድክመት በገዛ እጁ አያይዞ ማቅረቡ ነው።

ምስክር በሚበቃበት ጉዳይ ደግሞ መለኪያው «ማን ይናገር የነበረ፣ ማን ያርዳ የቀበረ» ነው፤ ይህን ተረት ያወጣው ሰው በዛሬው ዘመን ቢኖር ጥሩ ጠበቃ ይወጣው ነበር። በሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 223 መሠረት ከክሱ ጋር የሚያያዘው የማስረጃ ዝርዝር የምስክሩን ሙሉ ስም፣ አድራሻና ስለ ምን እንደሚመሰክር ይይዛል። ሦስተኛው ነው በብዛት የሚጎድለው። «1ኛ ምስክር፣ 2ኛ ምስክር፣ ሁሉም ስለ ጉዳዩ ያስረዳሉ» ተብሎ ይታለፋል። «ያስረዳሉ» ምንን? አንዱ ገንዘቡ ሲቆጠር ያየ፣ ሌላው ተከሳሹ «በመስከረም እመልሳለሁ» ሲል የሰማ ከሆነ ለየብቻ መጻፍ አለበት። የነበሩ ሁለት ሰዎች ከሰሙ ስምንት ይበልጣሉ። የሰሙትን መደርደር ላም ባልዋለበት ኩበት ለቀማ ነው፤ የተቃራኒ ወገን ጠበቃ በመስቀለኛ ጥያቄ «አንተ በቦታው ነበርክ?» ብሎ ሲጠይቅ ኩበቱ ያልቃል።

ከዚህ በተቃራኒ በደጃፉ ከሚነገሩት ሁሉ አደገኛው «ዝም አይነቅዝም» ነው። ለቤተ ዘመድ ጠብ ጥሩ ምክር ነው፤ ለተከሳሽ ግን መርዝ። በሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 83 መሠረት ተለይቶ ያልተካደ ነገር እንደታመነ ይቆጠራል፤ ቁጥር 235 ደግሞ በጅምላ መካድን አይቀበልም። «ክሱ በሙሉ ሐሰት ስለሆነ ውድቅ ይደረግልኝ» የምትለዋ የታወቀች ዓረፍተ ነገር ታዲያ ምንም አልካደችም። የመከላከያ መልስ ሲጻፍ ክሱን ጠረጴዛ ላይ ዘርግቶ ተራ ቁጥር በተራ ቁጥር መሄድ ያስፈልጋል፦ ይህን አምናለሁ፣ ያንን እክዳለሁ፣ ምክንያቴም ይህ ነው። አሰልቺ ሥራ ነው፤ ጥሩ ጸሐፊና መጥፎ ጸሐፊ የሚለዩትም እዚህ ላይ ነው። ክሱን ሳያነብ መልስ መጻፍ የጀመረ ካለ ተነሥቶ ወደሚቀጥለው ክፍል መሄድ ነው።

እዚያው ላይ ይርጋ፣ ማለትም የመክሰሻ ጊዜ ገደብ አለ። በሕግ ሌላ ጊዜ ካልተወሰነ በቀር የውል መብት በ10 ዓመት ይርጋ ይታገዳል፣ የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 1845። ግን ፍርድ ቤቱ ይርጋን በራሱ አያነሣም፤ ቁጥር 1856 ተከሳሹ እንዲያነሣው ትቶታል። የሚነሣውም በመጀመሪያ ደረጃ መቃወሚያ፣ ወደ ፍሬ ነገሩ ሳይገባ በሚቀርብ ተቃውሞ ነው፤ እዚያ ካልተነሣ እንዳለፈ ይቆጠራል። አሥራ ሁለት ዓመት ያለፈው ዕዳ «ዝም አይነቅዝም» ስለተባለ ብቻ ተፈርዶ ሊከፈል ይችላል። ደግሞ ብዙ ጸሐፊ መቃወሚያውን ከፍሬ ነገሩ መልስ መሐል ይቀብረዋል። መቃወሚያ በራሱ ርዕስ፣ ከመልሱ በፊት፣ በአጭሩ ነው የሚቀመጠው።

«ጅብ በማያውቁት አገር ሄዶ ቁርበት አንጥፉልኝ አለ» የሥረ ነገር ሥልጣን፣ ማለትም የትኛው ፍርድ ቤት የትኛውን ጉዳይ እንደሚያይ፣ ትምህርት ነው። በአዲስ አበባ የፌዴራል ፍርድ ቤትና የከተማው ፍርድ ቤት ለየብቻ ናቸው፤ የወራሽነት ማስረጃ ለምሳሌ የከተማው ነው። በራስጌው ላይ የተሳሳተ ፍርድ ቤት ከተጻፈ ቁርበት የሚያነጥፍ የለም፤ መዝገቡ ይዘጋል፣ የጸሐፊው ሒሳብ ግን አይመለስም። «የአብዬን እከክ ወደ እምዬ ልክክ»ም እንዲሁ። ድርጅቱ የተበደረውን ሥራ አስኪያጁን መክሰስ የተለመደ ስሕተት ነው። የንግድ ፈቃዱን ወይም የውሉን ራስጌ አይቶ ተከሳሹን መለየት ሁለት ደቂቃ አይፈጅም።

«ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ» ደግሞ ከተረት አልፎ አንቀጽ ሆኖ ያውቃል። የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 2137 ንጉሠ ነገሥቱ በጥፋት በኃላፊነት እንዳይከሰሱ ደንግጎ ነበር። ንጉሡ ቀርተዋል፤ የሚቀጥለው ቁጥር ግን ስለ ሚኒስትሮች፣ ስለ ምክር ቤት አባላትና ስለ ዳኞች ነው፤ ከሥራቸው ጋር በተያያዘ በወንጀል ካልተፈረደባቸው በቀር የካሳ ክስ አይቀርብባቸውም። ስለዚህ ተሸንፎ የተናደደን ሰው «ዳኛውንም አብረን እንክሰሳቸው» የሚል ጸሐፊ የሚሸጠው ቁጣ ነው። ያልተስማሙበት ፍርድ መንገዱ ይግባኝ ነው፤ ጊዜውም 60 ቀን።

ይግባኙ ሲያልቅ ደግሞ ሌላ ምክር ይመጣል፦ «አጻጻፉን ለውጠን እንደ አዲስ እንክፈተው።» ጉልቻ ቢለዋወጥ ወጥ አያጣፍጥም። ያንኑ ነገር፣ በዚያው ምክንያት፣ በዚያው ሰው ላይ መልሶ ማቅረብን የሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 5 ይዘጋዋል፤ ተከሳሹ የድሮውን ፍርድ ግልባጭ ካያያዘ ክርክሩ በአንድ ቀጠሮ ያልቃል።

አሁን ስለ ገንዘብ። «በፍርድ ከሄደች በቅሎዬ፣ ያለ ፍርድ የሄደች ጭብጦዬ ታሳዝነኛለች» የሚለው የባለጉዳዮች መዝሙር ነው፤ የሕዝቡን ለፍርድ ያለውን ክብር ያህል የሙግት አባዜውንም ያሳያል። ጸሐፊዎቹ ይህን ስሜት ያውቁታል፣ ይኮረኩሩታልም። ለጭብጦዋ የበቅሎ ዋጋ የሚጠይቅ ክስ ይጽፋሉ፦ ዋናው ገንዘብ፣ የሞራል ካሳ፣ የታጣ ጥቅም፣ ሁሉም በክብ ቁጥር። የዳኝነት ገንዘብ የሚሰላው በተጠየቀው መጠን እየታየ መሆኑን ሳይነግሩ። የማይረጋገጥ ሦስት መቶ ሺህ ብር በተጨመረ ቁጥር ከሳሹ ገና ሳይፈረድለት ይከፍላል፤ በዚያኛው ጥያቄ ሲሸነፍም ወጪና ኪሣራው ይመለስበታል። መክፈል የማይችል ሰው በሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 467 መሠረት በደሃ ደንብ ለመክሰስ ሊያመለክት ይችላል፤ ይህን አንሥተው የሚጽፉ ጸሐፊዎች ምስጋና ይገባቸዋል፣ ደንበኛው ምን እንዳለውና ምን እንደሌለው በዝርዝር ማስፈርን ሲዘነጉ ነው የሚያበላሹት።

በሌላ ጫፍ ደግሞ የሚረሳ ጥያቄ አለ። ያልተጠየቀ ዳኝነት አይሰጥም። ወለድ ከተፈለገ ከመቼ ጀምሮ እንደሆነ፣ ቤት መልቀቅ ከተፈለገ ከነቤት ቁጥሩ፣ ወጪና ኪሣራም በስሙ መጻፍ አለበት። «ሌላም ፍርድ ቤቱ ተገቢ ነው የሚለውን» ብሎ መዝጋት ለእንባው አንድ ገጽ ተኩል ሰጥቶ ለጥያቄው ግማሽ መስመር መስጠት ነው።

የእጅ ሥራ ስሕተቶቹ ከሁሉም ያበሽቃሉ፣ ምክንያቱም በማንበብ ብቻ ይያዛሉ። ዋነኛው የአሮጌ ፋይል ቅጂ ነው፤ ያለፈው ደንበኛ የፍቺ ክስ ተከፍቶ ስሙ ተቀይሮ የብድር ክስ ይሆንና ሦስተኛው ገጽ ላይ ተበዳሪው «ሚስቴ» ተብሎ ይገኛል። ሁለተኛው የስም ፊደል ነው። ኃይሉ፣ ሐይሉ፣ ሀይሉ በንባብ አንድ ናቸው፤ በአፈጻጸም ጊዜ ባንክ የተከሳሹን ሒሳብ ሲያግድ ግን አንድ አይሆኑም። ስሙን ከመታወቂያ ወይም ከውሉ ላይ ፊደል በፊደል ማስገልበጥ፣ እስከ አያት ድረስ። ሦስተኛው የዘመን አቆጣጠር፤ ውሉ በፈረንጅ ቀን ተጽፎ ክሱ «ዓ.ም.» ካለው ይርጋው በሰባትና ስምንት ዓመት ይዛባል። ገንዘብም በአኃዝና በፊደል ይጻፋል፤ ሁለቱ ከተለያዩ የመጀመሪያው ቀጠሮ ለዚያ ማብራሪያ ይሄዳል።

ጠበቃ ይሻላል ወይ? በሕጉ በኩል ከታየ፣ ለፍርድ ቤት የሚቀርብ ሰነድን በክፍያ ማዘጋጀት ራሱ የጥብቅና ሥራ ነው፤ ፈቃድ ይፈልጋል። ራፖር ጸሐፊው በመተየብና በማርቀቅ መሐል ባለች ቀጭን መስመር ላይ ነው የሚኖረው፣ ሲያጠፋም የሚጠየቅበት የሥነ ምግባር ጉባኤ የለም። ጠበቆችን የሚሳደበው ሁሉ ይህን ልዩነት ማስታወስ ይኖርበታል፦ ጠበቃን መክሰሻ ቦታ አለው። ደግሞ የ1992ቱ የጠበቆች ሥነ ምግባር ደንብ ጠበቃ በዓመት ቢያንስ 50 ሰዓት በነፃ ወይም በአነስተኛ ክፍያ እንዲያገለግል ይላል፤ የዩኒቨርሲቲ ሕግ ትምህርት ቤቶችም ነፃ የሕግ ድጋፍ ማዕከላት አሏቸው። የመሬት፣ የውርስና የፍቺ ንብረት ክፍፍል ጉዳይ ደጃፍ ላይ መጻፍ የለበትም። ያለ ክርክር የሚያልቅ ማመልከቻና ወረቀት ያለው ቀላል የብድር ክስ ግን ይቻላል።

አንድ ነገር ከዚህ አገልግሎት ፈጽሞ አይጠበቅም፦ «ታረቁ» የሚል ምክር። ዕርቅ ገጽ የለውም። የፌዴራል ፍርድ ቤቶች አሁን ፍርድ ቤት መር አስማሚነት አላቸው፤ ስምምነቱ በፍርድ ቤት ሲጸድቅ እንደ ፍርድ ይፈጸማል። «ምከረው ምከረው፣ እምቢ ካለ መከራ ይምከረው» ለማለት ግን ጸሐፊው መካሪ መሆን ነበረበት፤ እሱ መከራውን ነው የሚተይበው።

የሚሄድ ሰው አንድ ወረቀት ላይ በራሱ እጅ ጽፎ ይሂድ፦ ማን፣ መቼ፣ የት፣ ስንት፣ ማስረጃው ምን፣ የሚፈለገው ምን። ጸሐፊው ከዚያ ወረቀት ውጭ ተረት ሲጨምር ማስቆም ይቻላል፤ ከፋዩ ባለጉዳዩ ነው። በሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 92 መሠረት «እውነት መሆኑን አረጋግጣለሁ» ብሎ የሚፈርመውም እሱ ስለሆነ፣ ከመፈረሙ በፊት ጮክ ብሎ እንዲነበብለት ይጠይቅ፤ ማንበብ የማይችል ከሆነ ከጸሐፊው ሌላ ሰው ያንብብለት። ፋይሉን በፍላሽ መቀበል ጥሩ ነው፤ በቁጥር 91 ክስ ማሻሻል ቢያስፈልግ እንደ አዲስ ከመክፈል ያድናል። ቅጂ ሲታዘዝ ሁለት ተከሳሽ ካለ አራት ነው፦ አንድ ለፍርድ ቤቱ፣ ሁለት ለተከሳሾቹ፣ አንድ ለራስ፣ ሁሉም ከነማስረጃው። መዝገብ ቤት ሲገባም በራስ ቅጂ ላይ ማኅተሙን፣ የመዝገብ ቁጥሩንና የቀጠሮውን ቀን ሳያስመቱ ከግቢ መውጣት የለም።